ከፒካፑ ያልወረደው ድንኳን

ይህ ታሪክ መጻፍ የሚገባው መሆኑን እርግጠኛ አይደለሁም። ማንም አልተገደለም። የማንም ሱቅ አልተዘረፈም፣ የማንም ቤት አልተቃጠለም። ስለ ዘረኝነትና ስለ መጤ ጥላቻ ብዙ መጻሕፍት አብረን አንብበናል፤ እዚያ ውስጥ ሰው ከነልጆቹ ሲሰደድ፣ ሲደበደብ፣ ሲቃጠል አይተናል። አብረውኝ ካነበቡት ሰዎች አንዱ ይህን ቢያይ «ለአንድ ድንኳን ይህ ሁሉ ወረቀት?» ሊለኝ ይችላል። እኔም ራሴን ደጋግሜ ጠይቄዋለሁ። የምጽፈው በደንብ ስለማውቃቸው ሰዎች ነው፤ አንዳንዶቹ በልጅነቴ አዝለውኛል፤ አንዷ እናቴ ናት። ሰው ማስቀየም አልወድም። ሳልጽፈው ስቀር ግን ንዴቱ አይለቀኝም።

ቲቸር ውድነሽ መሞታቸውን የሰማሁት ማኬሬሬ ዩኒቨርሲቲ ገብቼ ትምህርት በጀመርኩ ሰሞን ነው። የሶሺዮሎጂ ክፍል ውስጥ ነበርኩ። መምህሩ ሰዎች በራሳቸውና በሌላው መካከል ድንበር እንዴት እንደሚያበጁ ያስረዳል፤ እኔ አንድም ቃል እንዳያመልጠኝ እጽፋለሁ። ስልኬ ላይ የእናቴ መልእክት መጣ። «ቲቸር አረፉ። ነገ ጠዋት እድሩ ድንኳን ይተክላል፤ ነይ» ይላል። ማልቀስ ነበረብኝ። ግን «እድሩ ድንኳን ይተክላል» የሚለውን አንብቤ መጀመሪያ የመጣብኝ ቁጣ ነበር። ለምን እንደሆነ ለማስረዳት ወደ ኋላ መመለስ አለብኝ።

ቲቸር ውድነሽ አዲስ አበባ የታሪክ አስተማሪ ነበሩ። ካምፓላ የመጡት በስደት ነው፤ ስለ ምክንያቱ ሲጠየቁ «ብዙ አወራሁ» ብለው ያልፉታል። ቁመታቸው አጭር ነው፤ ድምፃቸው ግን ከመንገድ ማዶ ይሰማል። የመነጽራቸው አንድ ክንድ ተሰብሮ በጥቁር ክር ታስሯል። ሲናደዱ ያንን መነጽር ያወልቁና በነጠላቸው ጫፍ ቀስ ብለው ይወለውሉታል። ሲወለውሉ ያየ ሰው ንግግሩን ያሳጥራል።

ቅዳሜ ቅዳሜ ለእኛ ለልጆቹ ፊደል ያስተምሩ ነበር። እሑድ ከሰዓት በኋላ ደግሞ ካባላጋላ፣ በአንድ የሐበሻ ምግብ ቤት የኋላ ክፍል፣ ትልልቆቹን ሰብስበው መጽሐፍ ያስነብባሉ። ከፍ ስል እኔንም አስገቡኝ። መጻሕፍቱን የሚገዙት ኦዊኖ ገበያ ዳር ከሚሸጡ አሮጌ መጻሕፍት መካከል መርጠው ነው። በእንግሊዝኛ የተጻፈውን ሳምንቱን ሙሉ ወደ አማርኛ እየመለሱ በእጃቸው ይጽፉልናል። አንድ ልብ ወለድ ካነበብን ቀጥሎ አንድ የማኅበራዊ ጥናት መጽሐፍ ይመጣል። ጉዳዩ ሁልጊዜ አንድ ነው፤ ሰው ሰውን በመልኩ፣ በዘሩ፣ በመጣበት አገር ስለሚጠላበት ነገር።

አንድ ጊዜ ምግብ ቤቱን የሚያስተዳድሩት ወይዘሮ አስቴር «ቲቸር፣ አንድ እሑድ እንኳ ደስ የሚል ነገር ብናነብስ?» ብለው ጠየቁ።

«ደስ የሚል ነገር ሥሩና እሱን እጽፍላችኋለሁ» አሉ ቲቸር።

የቲቸር የማስነበብ ዘዴ የእሳቸው ብቻ ነበር። ልብ ወለድ ስናነብ የባለታሪኮቹን ንግግር ለየሰው ያከፋፍላሉ፤ የሚያለቅሰውን ሰው ክፍል ግን ለማንም አይሰጡም። የተበዳዩን ንግግር እሳቸው ያነቡታል። ለእኛ የሚደርሰን የበዳዩ ነው። በመጀመሪያ ቀን ይህን ደንብ ሲያወጡ እሳቸው ራሳቸው የበዳዩን ድርሻ አንብበው አሳዩን። እንዲህ አሳምረው ማንበብ የት እንደተማሩ ስንጠይቃቸው «አያቴ ቤት» አሉ። እዚያ ቤት ውኃ የምትቀዳ ሴት ነበረች፤ የምትበላበት ሳህን ለብቻው ነበር። ትንሽ ልጅ ሳሉ ያቺን ሴት ከምንጣፍ ላይ ተነሺ እንዳሏት፣ ቤተ ሰቡም በድፍረታቸው እንደሳቀ ነገሩን። «ያኔ ያጨበጨቡልኝን ሰዎች እወዳቸው ነበር» አሉ። «ችግሩ እሱ ነው።» ከዚያ በኋላ ይህን ደግመው አላወሩም።

ከአንባቢዎቹ ሁሉ ጥሩ ድምፅ የነበራቸው አቶ ክፍሌ ናቸው። አቶ ክፍሌ ናካሴሮ ሱቅ አላቸው፤ የእድራችን ሊቀ መንበርም ናቸው። አንድ ልብ ወለድ ያዝን፤ በትልቅ ከተማ ሱቅ ስለ ከፈተ አንድ የውጭ አገር ቤተ ሰብ ነው። አከራያቸው መጀመሪያ ለልጃቸው ከረሜላ ይሰጣል፤ በኋላ ሱቃቸውን ይቆልፋል። ቲቸር ለአቶ ክፍሌ አከራዩን ሰጧቸው።

«ቲቸር፣ ይቅርታ ያድርጉልኝ፣ ይህን ሰው አላነብም። ሚስትየውን ይስጡኝ። ሕፃኑም ቢሆን ግድ የለኝም።»

«ሕፃኑ አይናገርም፣ አቶ ክፍሌ።»

ሰው ሁሉ ሳቀ። አቶ ክፍሌም ሳቁ፤ ግን ወረቀቱን አልተቀበሉም።

«እኔ ራሴ እኮ ስደተኛ ነኝ። አከራዬ ምን እንደሚለኝ ያውቃሉ። ይህንን አፌ አይለውም።»

«ስደተኛውን ሲያነቡ የሚያለቅሱት ለራስዎ ነው፤ እሱን ቤትዎ ያድርጉት። እዚህ አከራዩን ያንብቡልኝ። ደግሞ ክፉ አያስመስሉት። እሱ ራሱን ደግ ሰው ነው ብሎ ነው የሚያምነው። በደግ ድምፅ ያንብቡት።»

አነበቡ። አከራዩ ለቤተ ሰቡ እንደሚወዳቸው ይነግራቸዋል። እሱ በበኩሉ ቅሬታ የለውም፤ ግን ዛሬ አንድ ሱቅ ከተፈቀደ ነገ ወንድማቸው ይመጣል፣ ከነገ ወዲያ መንገዱ በሙሉ የእነሱ ይሆናል። አቶ ክፍሌ ይህን በለስላሳ ድምፅ አነበቡት። ሲጨርሱ ግንባራቸውን ጠረጉና «ይህ ሰው እርጉም ነው» አሉ።

ቲቸርን የሚያበሳጫቸው ይህ ነበር። ሁላችንም ስናነብ እናዝናለን፤ ከክፍሉ ስንወጣ ግን ሐዘኑን እዚያው ወንበሩ ላይ ትተነው እንወጣለን። አንድ እሑድ ወይዘሮ አስቴር ቦዳ የሚባለው የኪራይ ሞተር ነጂ እንዴት በማይሆን መንገድ ወስዶ እንዳጉላላቸው እየነገሩን ነበር። በመሃል ስለ ሰውየው አንድ ቃል ተናገሩ። ቃሉን እዚህ ላለመጻፍ አስቤ ነበር። ቲቸር ይህን ቢያዩ ግን መነጽራቸውን ያወልቁብኝ ነበር። «ባሪያ» ነው ያሉት።

ቲቸር መወልወል ጀመሩ። «ስሙ ማን ነው?»

«የማን? የቦዳው? እኔ ምን አውቄ!»

«አከራይሽ "እነዚህ ሐበሾች" ሲልሽ እኔ ጋ መጥተሽ አልቅሰሻል፣ አስቴር። እሱም ስምሽን ስላላወቀ ይሆናላ።»

«ቲቸር ደግሞ! ያ ሌላ፣ ይህ ሌላ። በቀልድ ነው እኮ ያልኩት።»

«እሺ፤ የሳቀ ሰው ግን አላየሁም።»

የሳቀ ሰው አለመኖሩ እውነት ነው። የደነገጠ ሰውም አልነበረም። ቃሉን ሁላችንም በየቤታችን ሰምተን አድገናል፤ በሰው አገር፣ በሰዎቹ መካከል ተቀምጠን፣ በሰዎቹ ላይ እንናገረዋለን።

አሁን ስለ ናካቶ ልናገር። ናካቶ የዚሁ አገር ሰው ናት፤ ባሏ ብርሃኑ የሚባል የእኛ እድር አባል ነበር። ብርሃኑ ሲሞት እድሩ ቀበረው፤ ናካቶም በእሱ ቦታ አባል ሆና መዋጮዋን ትከፍላለች። በማንም ሰው ለቅሶ ከሁሉ ቀድማ የምትደርሰው እሷ ናት። ነጠላዋን አዘቅዝቃ ትገባለች፣ «እግዚአብሔር ያጽናችሁ» ትላለች፣ ከዚያ ወደ ጓሮ ሄዳ ድስት ታጥባለች። ሌሎቹ ሴቶች ሁሉ «ወይዘሮ» ሲባሉ እሷን ሁሉም ሰው «ናካቶ» ብቻ ይላታል። «ወይዘሮ ናካቶ፣ እንደምን ዋሉ» የሚሏት ቲቸር ብቻ ነበሩ። ከዚህ በኋላ እኔም እንደ ቲቸር ነው የምጠራቸው።

የወይዘሮ ናካቶ እናት ናንሳና በሚገኘው ቤታቸው አብረዋቸው ይኖሩ ነበር። እናታቸው ሲሞቱ ወይዘሮ ናካቶ ወደ አቶ ክፍሌ ደወሉ። በእኛ እድር የአባል እናት ወይም አባት ሲሞት ድንኳን ይተከላል፤ አባላትም ሦስት ቀን ይቀመጣሉ። አቶ ክፍሌ «እንነጋገርበት» አሉና ስብሰባ ጠሩ። ስብሰባው የተደረገው መጽሐፍ በምናነብበት ክፍል፣ በምናነብባቸው ወንበሮች ላይ ነው። እኔ ገና የሁለተኛ ደረጃ ተማሪ ስለነበርኩ አባል አይደለሁም፤ ከእናቴ ጋር መጥቼ በሩ አጠገብ ቆምኩ።

«ናካቶን የሚጠላ እዚህ አለ? የለም» አሉ አቶ ክፍሌ። «እህታችን ናት። ግን ይህ እድር የተቋቋመው ለኢትዮጵያውያን ነው። ባሏን ቀብረናል፤ ግዴታችንን ተወጥተናል። ዛሬ እናቷን ካልን ነገ አክስቷ ትመጣለች፤ ከነገ ወዲያ መንደሩ በሙሉ። ደንብ ደንብ ነው።»

ድምፃቸው ለስላሳ ነበር። ያንን ድምፅ አውቀዋለሁ። ክፍሉን ዞር ዞር ብዬ አየሁ፤ ሌላም ሰው እንዳወቀው እርግጠኛ ነበርኩ። ማንም ቀና አላለም።

«ደግሞ የእነሱ ለቅሶ ሌላ ነው» አሉ ወይዘሮ አስቴር። «የእኛ ድንኳን ምን ያደርግላቸዋል?»

«አስቴር፣ የእናትሽ መርዶ ሲመጣ ሦስት ቀን ጓሮ ሆኖ ድስት ያጠበው ማን ነበር?» አሉ ቲቸር።

«ናካቶ ናት፤ መቼ ካድኩ? ግን ማን አስገደዳት?»

አንድ ሌላ አባል «ቲቸር፣ እርስዎ ሁሉን ነገር ወደ ዘር ይወስዱታል። ይህ የአሠራር ጉዳይ ነው» አሉ።

ቲቸር ከቦርሳቸው የልብ ወለዱን ወረቀቶች አወጡ። የአከራዩን ገጽ ለይተው አቶ ክፍሌ ፊት አኖሩት። «ይህን አንድ ጊዜ ያንብቡልን። ከዚህ በፊት አሳምረው አንብበውታል።»

አቶ ክፍሌ ወረቀቱን አዩት። ወዲያው ገልብጠው አስቀመጡት። «ቲቸር፣ ያ ልብ ወለድ ነው። ይህ እድር ነው።»

ያን ቀን ቲቸር መነጽራቸውን አላወለቁም፤ ይህ አስፈራኝ። ድምፅ ሲሰጥ እያንዳንዱን ሰው ተመለከቱ። እናቴ ግራና ቀኝ አየች፤ ከዚያ እጇን አወጣች። አብዛኛው ሰው እጁን አወጣ፤ ድንኳኑ አይሄድም ተባለ።

የእድሩ ዕቃ ኃላፊ ቲቸር ነበሩ። የግምጃ ቤቱ ቁልፍ እሳቸው ጋ ነው። ሲወጡ ወደ እኔ ጠጋ ብለው «ልጄ፣ ነገ ትምህርት አለሽ?» አሉኝ።

«አዎ፣ ቲቸር።»

«በጣም ጥሩ። ቅሪ።»

በማግስቱ ጠዋት ፒካፕ ተከራይተው ድንኳኑን፣ አግዳሚዎቹንና ብረት ድስቶቹን ጭነው፣ እኔንና ሁለት የንባብ ቡድኑን ወጣቶች ይዘው ናንሳና ሄዱ። ከመካከላችን ድንኳን ተክሎ የሚያውቅ አንድም ሰው አልነበረም። ይህን የሚሠሩት ሁልጊዜ የእድሩ ወንዶች ናቸው። ቲቸር ከሸራው ሥር ገብተው «ምሰሶውን! ምሰሶውን አቅኑት!» እያሉ ሲያዙን ድንኳኑ በእሳቸው ላይ ወደቀ። ከሥሩ ድምፃቸው ብቻ ይሰማል። የወይዘሮ ናካቶ ወንድሞች እየሳቁ ሮጠው መጡና አወጧቸው፤ ምሰሶውንም እነሱ አቆሙት። እናታቸው የሞቱባቸው ወይዘሮ ናካቶ አፋቸውን በእጃቸው ይዘው ሳቁ። «ቲቸር፣ ድንኳን እኮ መከራየት እንችላለን» አሉ በኋላ፣ ተረጋግተው። «እኔ የፈለግኩት ድንኳኑን አይደለም። ሰዎቹን ነው።»

ሰዎቹ አልመጡም። ከንባብ ቡድኑ ጥቂቶች መጡ። ቲቸር ጥቁር ለብሰው ከፊተኛው አግዳሚ ላይ ተቀመጡ፤ ለሚገባው ሁሉ ይነሣሉ።

በሁለተኛው ቀን አቶ ክፍሌ ሁለት ሰዎች አስከትለው መጡ። ድንኳኑን ነቅለው ሊወስዱ ነው የመጡት፤ አንደኛው ሰው ገመድ ይዟል። ግቢው ግን በለቀስተኛ ተሞልቷል። በዚህ አገር ሥርዓት ለሐዘን የመጣን ትልቅ ሰው ሴቶች ተንበርክከው ነው የሚቀበሉት። የወይዘሮ ናካቶ አክስቶች አቶ ክፍሌን ሲያዩ ሊያጽናና የመጣ ሰው መሰላቸው። ሁሉም ተንበረከኩ። «ዌባሌ ኩጃ፣ ሴቦ» አሉ፤ ጌታዬ ስለመጣህ እናመሰግናለን ማለታቸው ነው። አንዷ እጃቸውን ይዛ ከቲቸር አጠገብ አስቀመጠቻቸው። ማቶኬ የሚባለው የተቀቀለ ሙዝ በለውዝ ወጥ የቀረበበት ሳህን ጉልበታቸው ላይ ተደረገ። ገመድ የያዘው ሰውዬም ገመዱን አግዳሚ ሥር አድርጎ ሳህን ተቀበለ።

ወይዘሮ ናካቶ ከቤት ወጡ። «አቶ ክፍሌ! እኔ አይመጡም ብዬ ነበር» አሉና አለቀሱ።

አቶ ክፍሌ ምሰሶውን አዩ፣ ሳህኑን አዩ። «እግዚአብሔር ያጽናሽ» አሉ። በሉ። ተነሥተው ሄዱ።

እኔ ደስ ብሎኝ ቲቸርን አቀፍኳቸው። «ልባቸው ተነካ እኮ!»

«አፍረው ነው፣ ልጄ» አሉ። «ያፈረ ሰው ወይ ይለወጣል፣ ወይ ይቀየማል። እስከ እሑድ እንቆይ።»

እሑድ ተሰበሰቡና ቲቸርን ከእድሩ አስወጧቸው። ምክንያቱ ሲነበብ «የእድሩን ንብረት ያለ ፈቃድ ለባዕድ አሳልፈው በመስጠታቸው» ይላል። ቲቸር «"ባዕድ" ያለው ማን ነው?» ብለው ጠየቁ። የእድር አባል ያልሆነ ሰው ሲሞት ማን ቆሞ እንደሚቀብረው አይታወቅም፤ በስደት ብቻውን ለሚኖር ሰው ይህ ትልቅ ቅጣት ነው። እሳቸው ግን ቁልፉን ጠረጴዛው ላይ አኖሩና «በቀብሬ ነው የምትቀጡኝ? ያን ቀን እኔ አልኖርም። የምትቸገሩት እናንተ ናችሁ» ብለው ወጡ።

ከዚያ በኋላ የምናነበው ማኬሬሬ ኮረብታ ላይ፣ ሣር ላይ ተቀምጠን ነበር። ከበፊቱ የቀረነው ጥቂት ነን፤ ወይዘሮ ናካቶ ግን መምጣት ጀመሩ። አንድ እሑድ ያንኑ ልብ ወለድ ስንደግመው «አከራዩን እኔ ላንብብ» አሉ። ነገሩ በእሳቸው ላይ የደረሰ ስለነበር ቲቸር አመነቱ። ወይዘሮ ናካቶ ወረቀቱን ወሰዱ። በዝግታ፣ ቃላቱን አንድ በአንድ እየያዙ አነበቡ፤ ድምፁ ደግሞ የአቶ ክፍሌ ድምፅ ነበር፤ ለስላሳው፣ ደጉ። እንባችን እስኪመጣ ሳቅን። ከሁላችን በላይ የሳቁት ቲቸር ናቸው፤ ሲያበቁ ግን መነጽራቸውን አውልቀው ለረጅም ጊዜ ወለወሉ።

ቲቸር ሲታመሙ ወይዘሮ ናካቶ ናንሳና ወስደው አስታመሟቸው። ያረፉትም እዚያ ነው።

እንግዲህ ያ መልእክት ሲደርሰኝ የተናደድኩት ለዚህ ነው። በማግስቱ ጠዋት ናንሳና ስደርስ ለቀስተኛው በወይዘሮ ናካቶ ግቢ ውስጥ ሜዳ ላይ ተቀምጧል። ያን ፒካፕ የመሰለ ሌላ ፒካፕ በሩ ላይ ቆሟል፤ ድንኳኑ ላዩ ላይ በገመድ ታስሯል። አቶ ክፍሌ ጥቁር ሙሉ ልብስ ለብሰው ከወይዘሮ ናካቶ ፊት ቆመዋል። ከኋላቸው የእድሩ ሰው በሙሉ አለ፤ እናቴም አለች።

«ወይዘሮ ናካቶ» አሉ አቶ ክፍሌ። «ወይዘሮ» ሲሏቸው ስሰማ የመጀመሪያዬ ነው። «ለቲቸር ክብር ነው የመጣነው። የሆነውን ሁሉ ይቅር ብለናል።»

«ማንን?» አሉ ወይዘሮ ናካቶ።

አቶ ክፍሌ ዞረው ፒካፑን አዩ።

«ሰው ይግባ። ሁሉም ይግባ፤ ወንበር አለ፣ ምግብ አለ። ድንኳኑ መኪናው ላይ ይቆይ» አሉ ወይዘሮ ናካቶ።

«እንዴት ይሆናል? የእኛ ሰው እኮ ናቸው! ሰማዩን አያዩትም? ሊዘንብ ነው።»

ወይዘሮ ናካቶ አልተቆጡም። ለስለስ ባለ ድምፅ፣ ቃላቱን አንድ በአንድ እየያዙ ተናገሩ። ያን ድምፅ ሣሩ ላይ ከተቀመጥንበት ቀን ጀምሮ አውቀዋለሁ፤ አቶ ክፍሌም ያወቁት ይመስለኛል፤ ፊታቸው ጠቆረ።

«እኔ ቅሬታ የለኝም፣ አቶ ክፍሌ። እወዳችኋለሁ። ግን ቲቸር አባል አይደሉም፤ እናንተ አስወጣችሁ። ዛሬ ለእሳቸው ካልን ነገ ለሌላ ይጠየቃል። ደንብ ደንብ ነው።»

በዚያ ንግግር ቲቸር ቢኖሩ ይስቁ ነበር ብዬ ልጽፍ ነበር። አላውቅም። እኔ አልሳቅኩም። ያን ያህል መጽሐፍ ያነበቡ ሰዎች ነገሩ እንዲገባቸው የቲቸር አስከሬን ያስፈልጋቸው እንደነበር እያሰብኩ ጥርሴን ነክሼ ቆምኩ። ደግሞም የገባቸው መሆኑን ማን ያውቃል? ደንቡ እስከ ዛሬ አልተለወጠም።

ዝናቡ መጣ። ወይዘሮ አስቴር ነጠላቸውን ተከናንበው ወደ መኪና ሮጡ፤ ብዙዎች ተከተሏቸው። አቶ ክፍሌ በሩ ላይ ትንሽ ቆሙ። ከዚያ ለሹፌሩ በእጃቸው ምልክት ሰጡት፤ ፒካፑ ዞረ፤ ተጠቅሎ የታሰረው ድንኳን ጭቃው ላይ እየተንገጫገጨ ሄደ። እናቴ አልሄደችም። ከወይዘሮ ናካቶ አክስቶች መካከል ገብታ አግዳሚው ላይ ተቀመጠች፤ ራሷን አልሸፈነችም። ውኃው በፊቷ ላይ ሲወርድ አየኋት፤ እኔን አላየችኝም። አጠገቧ ሄጄ ልቀመጥ ወይስ አልቀመጥ ስል ቆይቼ፣ ተቀመጥኩ።

ቲቸር ውድነሽን የቀበርናቸው በዚያው ቀን፣ ከሰዓት በኋላ፣ ዝናቡ ሳያባራ ነው። ቀኑ ሩፋኤል፣ ጳጉሜን ሦስት ነበር።